አሥራ ሦስተኛው በር የት ነው?

የዛሬው ረዘም ይላል፤ ቡናችሁን ይዛችሁ ተቀመጡ።

ካለፈው መስከረም ወዲህ አራት የፋንታሲ ልቦለድ ረቂቆችና አንድ የጌም ሐሳብ በውስጥ መስመር ደርሰውኛል። አብዛኞቹን የላኩልኝ የቀድሞ ተማሪዎቼ ናቸው። የሕንፃ ንድፍ አስተምሬያቸው ደራሲ ሆነው ሳገኛቸው ደስ ይለኛል፤ ቅር የሚለው ካለ ወላጆቻቸውን ነው። በአምስቱም ሥራዎች ውስጥ አዲስ የተፈጠረ ዘመን አቆጣጠር አለ። በአምስቱም ግን ዓመቱ 12 ወር ነው፤ ወሩ አንዴ 30 አንዴ 31 ይሆናል፤ ቀኑ የሚለወጠው እኩለ ሌሊት ላይ ነው፤ አዲስ ዓመት የሚገባው በረዶ ሲጥል ነው። የተቀየረው ስሙ ብቻ ነው። «የዘንዶ ወር»፣ «የአመድ ወር»፣ «የደም ጨረቃ»።

ኧረ ልጆች! ይሄ እኮ ጃንዋሪን ካባ ማልበስ ነው።

የእኔ ሐሳብ እንዲህ ነው። በምናብ ዓለም ውስጥ ያለ ዘመን አቆጣጠር ነፍስ የሚዘራው እንደ ቤት ሲሠራ ነው። ሰው ቆሞ የሚያይበት ቦታ ይፈልጋል። የሚጠብቀው ሰው ይፈልጋል። ከሁሉም በላይ ደግሞ ቁጥሩ አልገጥም ብሎ የተረፈው ቀን የሚገባበት በር ይፈልጋል። አስማት ካለ ያለው እዚያ በር ላይ ነው። ይህን የተረፈ ቀን ደግሞ እኛ በየዓመቱ እንኖረዋለን፤ ጳጉሜ እንለዋለን። እቤታችን ያለውን ትተን የጎረቤት ካባ መዋሳችን ነው የሚቆጨኝ።

ብዙዎቻችሁ ከምታውቁት ልጀምር። በቶልኪን «ዘ ሆቢት» (እ.ኤ.አ. 1937 የታተመ) ውስጥ ድንኮቹ ዘንዶ የነጠቃቸውን ተራራ ለማስመለስ ይጓዛሉ። ተራራው ጎን ላይ የተሰወረ በር አለ። ቁልፉ በእጃቸው ነው፤ የቁልፉ ቀዳዳ ግን አይታይም። የሚገለጠው በአንድ ቀን ብቻ ነው፤ የመጸው የመጨረሻዋ ጨረቃና ፀሐይ አብረው ሰማይ ላይ በሚታዩበት ቀን። የዚያን ዕለት የምትጠልቀው ፀሐይ የመጨረሻ ጨረር አለቱን ሲነካው ቀዳዳው ብቅ ይላል።

ቆንጆ ነው፤ ግን እኔን ሁልጊዜ የሚይዘኝ ሌላ ነገር ነው። የድንኮቹ አለቃ ቶሪን ያ ቀን መቼ እንደሚውል አስቀድሞ ማስላት በዚያ ዘመን ከእውቀታቸው በላይ እንደሆነ ይናገራል። በሩ አለ፣ ቁልፉ አለ፣ ባሕረ ሐሳቡ ጠፍቷል! ቤታቸውን የተነጠቁ ሰዎች ዘመናቸውን የማስላት እውቀትም አብሮ ጠፍቶባቸዋል። ደራሲው ስለ ስደት ገጽ ሙሉ ማልቀስ አላስፈለገውም፤ አንድ በርና አንድ የማይታወቅ ቀን በቂው ሆነ።

ይኸው ሰው «የቀለበቶቹ ጌታ» መጨረሻ ላይ ባስገባው አባሪ ለሆቢቶች ሙሉ ካላንደር ሠርቶላቸዋል። 12 ወር፣ እያንዳንዱ 30 ቀን፣ ከወር ውጭ የቆሙ አምስት ቀኖች፣ በሠግር ዓመት ስድስት። ታወቃችሁ? በእኛ ግድግዳ ላይ የተሰቀለው ነው ማለት ይቻላል! እነሱ የተረፉትን ቀኖች ከፊሉን በብርዱ ወቅት ከፊሉን በበጋው እኩሌታ ላይ ከፍለው በዓል አድርገዋቸዋል፤ እኛ ዓመቱ ጫፍ ላይ ደርድረናቸዋል። እንግሊዛዊው ሰው ለምናቡ የመረጠውን ዓይነት ካላንደር እኛ ለደሞዝና ለለቅሶ እንጠቀምበታለን፤ ልጆቻችን ደግሞ ለምናብ ሲሆን ይንቁታል።

አሁን ወደ ድንጋዩ ልውሰዳችሁ፤ ሞያዬም እሱ ነው። ጊዜ የሚቆጥር ሕንፃ ተረት አይደለም። ግብፅ፣ አቡ ሲምበል፣ ዳግማዊ ራምሴስ ከተራራ ያስፈለፈለው ቤተ መቅደስ አለ። በዓመት ሁለቴ፣ በፌብሩዋሪ 22 እና በኦክቶበር 22 አካባቢ፣ የማለዳ ፀሐይ በበሩ ገብታ እስከ ውስጠኛው ክፍል ትዘልቃለች። እዚያ አራት ሐውልቶች ተቀምጠዋል። ሦስቱ ብርሃን ያገኛሉ፤ አራተኛው ፕታህ ግን በጨለማው ውስጥ ይቀራል። እ.ኤ.አ. ከ1964 እስከ 1968 የአስዋን ግድብ ውሃ እንዳይውጠው ቤተ መቅደሱ ተቆራርጦ 65 ሜትር ያህል ከፍ ወዳለ ቦታ ተዛወረ። መሐንዲሶቹ ድንጋዩን ብቻ ማዛወር አልበቃቸውም፤ አቅጣጫውንም መጠበቅ ነበረባቸው። ሕንፃውን ትንሽ ብታዞረው ቀኑም አብሮ ይዞራላ።

ፔሩ ውስጥ ቻንኪዮ የሚባል ቦታ ደግሞ አለ። ኮረብታ ጀርባ ላይ እንደ ጥርስ የተደረደሩ 13 ማማዎች፤ ከ2,200 ዓመት በላይ ዕድሜ አላቸው። በምዕራብና በምሥራቅ በተዘጋጁት መቆሚያዎች ላይ የቆመ ሰው ፀሐይ ዓመቱን ሙሉ ከማማ ወደ ማማ ስትሄድና ስትመለስ ያያል። (አሥራ ሦስት ሲባል ወራችንን እንዳትቆጥሩብኝ፤ ግንኙነት የለውም።) ልብ በሉ፤ መቆሚያው ላይ ካልቆምክ ማማዎቹ ተራ ግንብ ናቸው። ካላንደሩ ማማውና ሰውየው አንድ ላይ ሲሆኑ ነው።

ሦስተኛ ምሳሌ ከቤተ ክርስቲያን። ጣልያን፣ ቦሎኛ ከተማ፣ በሳን ፔትሮኒዮ ባዚሊካ ጣሪያ ላይ ትንሽ ቀዳዳ አለች። እ.ኤ.አ. በ1655 ካሲኒ የተባለው የሥነ ፈለክ ሊቅ ከቀዳዳዋ ሥር ወለሉ ላይ 67 ሜትር ገደማ የሚረዝም መስመር አስቀመጠ። በቀትር የፀሐይዋ ክብ ብርሃን መስመሩን ታቋርጣለች፤ የት ላይ እንዳቋረጠች አይቶ ከዓመቱ የትኛው ቀን ላይ እንዳለን ማወቅ ይቻላል። ይህ ሁሉ ድካም አንዱ ምክንያቱ የፋሲካ ሒሳብ ነው። የእኛ ሊቃውንት በመጥቅዕና በአበቅቴ የሚያወጡትን፣ እነዚያ በሕንፃ ይፈትሹት ነበር ማለት ነው።

«እኛ ጋ እንዲህ ያለ የለም» የሚል ካለ አያቴን ባወቃት ደስ ይለኝ ነበር። የገጠር ቤቷ ግድግዳ ላይ ጭቃው የተፈነቀለበት ቀዳዳ ነበር። አባቴ ሊመርገው ሲነሳ ትቆጣለች። ከሰዓት በኋላ በዚያ የሚገባው ጨረር መደቡ ጫፍ ሲደርስ ከብት ለማስመለስ ልጅ ትልካለች፤ ክረምትና በጋ ቦታው እንደሚለይም ታውቃለች፤ «አሁን ወደ ምሰሶው ሄዳለች» ትላለች፣ ስለ ፀሐይ ስታወራ። ሰዓት የሚባል ዕቃ እቤቷ አልነበረም። ቤቱ ራሱ ሰዓት ነበር። ለካ የሚመረግ ቀዳዳና የማይመረግ ቀዳዳ አለ።

እንግዲህ የዘመንና የሕንፃን ነገር በጽሑፍ ደረጃ ካነሣን መጽሐፈ ሄኖክ ጋ ሳንደርስ ማለፍ አይሆንም። ሙሉው መጽሐፍ ተጠብቆ የኖረው በግእዝ ብቻ ነው። ለብዙዎቻችሁ ቅዱስ መጽሐፍ ነው፤ እኔም ልቦለድ እያልኩት አይደለም፤ የማወራው ስለ አሠራሩ ነው። የብርሃናት ጉዞ የሚተረክበትን ክፍል ክፈቱት። ሰማዩ ሕንፃ ነው! በምሥራቅ ስድስት በሮች፣ በምዕራብ ስድስት በሮች፣ ግራና ቀኝ መስኮቶች። ፀሐይ በመጀመሪያው ወር በአራተኛው በር 30 ማለዳ ትወጣለች፤ ቀጥሎ በአምስተኛው፤ ቀጥሎ በስድስተኛው 31 ማለዳ፤ ከዚያ ትመለሳለች። ወር ማለት ፀሐይ በአንድ በር የምትመላለስበት ጊዜ ነው። ዓመቱ 364 ቀን ሆኖ ልክ 52 ሳምንት ይሞላል። ለየሩቡ አንድ አንድ ሆነው የሚጨመሩ አራት ቀኖች አሉ፤ መጽሐፉ ሰዎች እነሱን ሳይቆጥሩ እየቀሩ እንደሚሳሳቱ ያስጠነቅቃል።

ተመልከቱ፤ የተረፈው ቀን እዚህም ጭቅጭቅ አለው። የተረፈው ቀን ሁልጊዜ ጭቅጭቅ አለው። ምክንያቱ ቀላል ነው። ሰው ክብ ቁጥር ይወዳል፤ 360 ለስድስትም ለአሥርም ለ12ም ይከፈላል፤ ምድር ግን ፀሐይን ለመዞር 365 ቀንና ሩብ ያህል ይፈጅባታል። ሰው በሠራው ቁጥርና ፈጣሪ በሠራው ዓለም መካከል አምስት ቀን ከሩብ የምታህል ስንጥቅ አለች። ስንጥቋን ምን እናድርጋት?

የጥንት ግብፆች ተረት ሠሩላት። ፕሉታርክ እንደጻፈው የፀሐይ አምላክ የሰማይዋን እመቤት ኑትን በየትኛውም ወር፣ በየትኛውም ዓመት እንዳትወልድ ይረግማታል። ታዲያ ብልሁ ቶት ከጨረቃ ጋር ገበጣ መሰል ጨዋታ ይቀመጥና ከብርሃኗ ላይ ሰባኛውን እጅ ያሸንፋታል። ከዚያ ብርሃን አምስት ቀን ሠርቶ 360ው ላይ ጨመረ። ቀኖቹ የየትኛውም ወር አይደሉማ! እርግማኑ አልደረሰባቸውም፤ ኑት በአምስቱ ቀን አምስት ልጆች ወለደች። ከዚህ የተሻለ የፋንታሲ ሴራ ካላችሁ አምጡ።

ሩቧ ቀን ግን ቀርታ ነበር። ዓመቱ 365 ብቻ ስለነበር በዓላቱ ከወቅታቸው እየሸሹ ሄዱ። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ238 ካህናቱ ካኖፐስ ላይ ተሰብስበው በየአራት ዓመቱ ስድስተኛ ቀን ይጨመር ብለው ወሰኑ፤ ውሳኔው በድንጋይ ተቀረጸ፤ ሕዝቡ ግን አልተከተለውም። የጸናው ከ200 ዓመት በላይ ቆይቶ በአውግስጦስ ዘመን ነው። ከዚያ ወደ ቅብጦች፣ ከቅብጦች ወደ እኛ መጣ። ጳጉሜ የሚለው ቃል ራሱ «የተጨመረ» ከሚለው የግሪክ ቃል የመጣ ነው። በዘመነ ሉቃስ መጨረሻ ጳጉሜ ስድስት ስትሆን የምንቆጥራት ቀን የዚያ ክርክር ልጅ ናት።

እኛስ ስንጥቋን ምን አደረግናት? ጳጉሜ 3 ቀን የሩፋኤል ነው፤ ርኅወተ ሰማይ ይባላል፤ ሰማይ የሚከፈትበት ቀን። ልጆች ልብሳቸውን ጥለው ዝናብ ውስጥ ይሮጣሉ፤ የዚያን ዕለት ዝናብ ጠበል ነዋ። ልብ አላችሁ? ሰማዩ የሚከፈተው ከ12ቱ ወር ውስጥ በአንዱ አይደለም፤ በተረፉት ቀኖች ነው። በሌላ በኩል ደግሞ የወር ደሞዝተኛ ለጳጉሜ አይከፈለውም፤ አከራይም በአብዛኛው አይጠይቅባትም። ሰማይ የተከፈተባት፣ ካዝና የተዘጋባት ሳምንት! ይህንን በየዓመቱ እየኖረ የ«ዘንዶ ወር» የሚጽፍ ልጅ ሳይ ጆሮውን መቆንጠጥ ያምረኛል።

ወቀሳ ብቻ አይሁንብኝ፤ እንደ ስቱዲዮ ጊዜያችን ንድፍ ላሳያችሁ። እንደፈለጋችሁ ውሰዱት።

ደጋ ላይ ያለች ከተማ አስቡ። ቅጥሯ 13 በር አለው። 12ቱ ትልልቆች ናቸው፤ እያንዳንዱ በተራው 30 ቀን ይከፈታል። በር ሲከፈት ገበያውም፣ ቀረጡም፣ ፍርዱም ወደዚያ በር ይዛወራል። ስለዚህ በዚህች ከተማ «መቼ?» እና «የት?» አንድ ጥያቄ ናቸው። «በሰባተኛው በር እከፍልሃለሁ» ያለ ሰው ቀጠሮውንም ቦታውንም ተናግሯል። 13ኛው በር ጠባብ ነው፤ ጎንበስ ተብሎ ነው የሚታለፈው። አምስት ቀን ይከፈታል፤ በአራት ዓመት አንዴ ስድስት። ቀረጥ የለውም፤ መዝገብም የለውም፤ በዚያ የገባ ሰው መቼ ገባ ተብሎ ሊጻፍ አይችልም፤ የሚጻፍበት ወር የለማ። ዕዳ ያሳደደው፣ ከሠርጓ ያመለጠች፣ ስም ያልወጣለት ሕፃን በዚያ ይገባሉ፤ አንዴ ከገቡ ማንም አይጠይቃቸውም። አስማቱ ይኸው ነው፤ ሌላ ብልጭታ አያስፈልገውም።

አሁን አንድ ንጉሥ ይምጣ። «ቀረጥ የማይከፈልበት ቀን ለምን ይኖራል?» ይላል፤ በሩን በድንጋይ ያስደፍነዋል። በመጀመሪያው ዓመት ማንም ልብ አይልም። ዓመቱ 360 ቀን ሆኗል፤ ፀሐይ ግን አዋጁን አልሰማችም። በስድስት ዓመት ካላንደሩ ከወቅቱ አንድ ወር ያህል ይቀድማል፤ በ12 ዓመት ሁለት ወር። ግብር የሚከፈለው በአምስተኛው በር ነው ተብሎ ተጽፏል። ቀድሞ አምስተኛው በር ሲከፈት እህሉ ጎተራ ገብቶ ነበር፤ አሁን ገና ማሳ ላይ ቆሟል። ገበሬው ያላጨደውን ይጠየቃል፤ ይበደራል፤ በሬውን ይሸጣል። አንዲት የበረኛ ልጅ ደግሞ፣ 13ኛው በር ሳይደፈን የማለዳ ጨረር የሚያርፍበትን ድንጋይ ታስታውሳለች። አገሩን የሚያድነው ያ ምልክት ነው፤ የሚያስገድላትም እሱው ነው።

ይህን ስል «ጋሼ፣ ፋንታሲ እኮ ነው፤ ማን ይቆጥራል?» የሚሉኝ አሉ። አንባቢው ላይቆጥር ይችላል፤ የሚቆጥረው ታሪኩ ውስጥ ያለው ሰው ነው። ቀን የመቁጠር ሥልጣን የማን ነው የሚለው ጥያቄ በእውነተኛው ዓለም ደም አፋስሷል፤ ሹመት አስረዝሟል። በጥንቷ ሮም ትርፍ ወር የመጨመር ሥልጣን የካህናት ነበር፤ ለወዳጅ ባለሥልጣን ዓመቱን ያስረዝሙ፣ ለጠላት ያሳጥሩ ነበር። ዩልዮስ ቄሳር ያንን ዝብርቅርቅ ለማቅናት ከክርስቶስ ልደት በፊት 46ን የ445 ቀን ዓመት ማድረግ አስፈለገው። እናንተ ዓለም ስትፈጥሩ ይህን ሥልጣን ለማን እንደሰጣችሁት ካላወቃችሁ መንግሥታችሁ ገና አልተመሠረተም።

ሌላው የምሰማው ክርክር ጠንከር ያለ ነው። «የአገራችንን ካላንደር ከተጠቀምንማ ፈጠራው የታል? ደግሞም የቱሪስት ማስታወቂያ ይመስልብናል።» እውነት አለው። «የ13 ወር ጸጋ» የሚለውን መፈክር ልቦለድ ውስጥ መልሶ መለጠፍ ፈጠራ አይደለም። እኔ ግን ቅዱ አላልኩም። የእኛ አቆጣጠር ለምን እንዲህ ሆነ ብላችሁ ጠይቁ ነው ያልኩት። ቀኑን ከንጋት አንድ ሰዓት ብለን የምንጀምረው አዲስ አበባ ከምድር ወገብ በስተሰሜን 9 ዲግሪ ገደማ ላይ ስለሆነች የሚመች ነገር ነው፤ የዓመቱ ረጅም ቀንና አጭር ቀን ልዩነታቸው አንድ ሰዓት ያህል ብቻ ነው። ሄኖክ ላይ ግን ረጅሙ ቀን ከሌሊቱ እጥፍ ይሆናል፤ ያ ሌላ ሰማይ ነው። ዓለማችሁን በረዷማ ሰሜን ላይ ካስቀመጣችሁ «ከንጋት ስድስት ሰዓት» የሚባለው ነገር ይፈርሳል፤ እንዴት እንደሚፈርስ ማሰብ ነው ፈጠራው።

ይህችን ደግሞ በነፃ ውሰዱ። አዲስ አበባ ላይ ከሚያዝያ የመጀመሪያ ሳምንት ግድም እስከ ነሐሴ የመጨረሻ ሳምንት መግቢያ ድረስ የቀትር ጥላችሁ የሚወድቀው ወደ ደቡብ ነው፤ በቀረው የዓመቱ ክፍል ወደ ሰሜን። በዓመት ሁለት ቀን ጥላ እግራችሁ ሥር ገብቶ ይጠፋል ማለት ነው። ለንደን ያደገ ደራሲ ይህን በሕይወቱ አያየውም። ጥላ በሚጠፋበት ቀን የሚከፈት በር የጻፈልኝ ግን እስካሁን የለም።

የሚያሳስበኝ ልቦለዱ ብቻ እንዳይመስላችሁ። ስልካችን ቀኑን ስለሚነግረን ሰማዩን ማየት ትተናል፤ ፎቅ ስንሠራ ፀሐይ በየት በኩል እንደምትገባ የሚጠይቅ ደንበኛ በዓመት አንድ አገኛለሁ። ባሕረ ሐሳብ በጣቱ የሚያሰላ ሽማግሌ ሲያርፍ ሒሳቡ መጽሐፍ ውስጥ ይቀራል፤ ከየት ቆሞ እንደሚያይ ግን አብሮት ይሄዳል። ያኔ እኛም እንደ ቶሪን ቁልፉን ይዘን በሩ ፊት እንቆማለን። ምናብ ያላቸው ልጆች ይህን ካልያዙት ማን ይይዘዋል?

ስለዚህ የቤት ሥራ። ጠዋት ፀሐይ የሚገባበት አንድ መስኮት ምረጡ። ወር በገባ በመጀመሪያው ቀን፣ ከጠዋቱ ሁለት ሰዓት ላይ፣ ብርሃኑ ግድግዳው ወይም ወለሉ ላይ ያረፈበትን ጠርዝ በጠመኔ አስምሩ። ከደመነ በማግስቱ። የተከራያችሁ ከሆነ አከራዩን አስፈቅዱ፤ በኋላ በእኔ እንዳታሳብቡ። አሥራ ሁለት መስመር ሲሞላላችሁ ጳጉሜ ይገባል። የጳጉሜን መስመር የት እንዳሰመራችሁ ፎቶ አንስታችሁ ላኩልኝ፤ ልቦለዱን ከዚያ በኋላ አነብላችኋለሁ።